«ስንት ቀን ይፈጃል?»፦ ስለ ሽብሽብ መርፌና ስለ ጊዜ

ከጥቂት ዓመታት በፊት፣ በጥር ወር፣ ለአንድ የቤተ ዘመድ ሠርግ ወደ መካነ ሰላም ሄጄ ነበር። አካባቢውን ለማያውቅ አንባቢ፣ መካነ ሰላም በደቡብ ወሎ ምዕራባዊ ደጋ ላይ፣ ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,500 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ የተቀመጠች የቦረና ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ከደሴ የሚነሣው መንገድ የለጋምቦን ብርድ አቋርጦ በአቀስታ በኩል ይደርስባታል፤ ከእርሷ ወደ ምዕራብ ሲኬድ ደጋው እየተሰነጠቀ ወደ ዓባይ ሸለቆ ይወርዳል። ጥር በዚያ አገር ሰማዩ የጠራ፣ ጠዋቱ የሚያንዘፈዝፍ፣ ቀትሩ የሚያቃጥል ወር ነው።

ሙሽራዋም ታላቅ እኅቷም የአክስቴ ልጆች ናቸው። ታላቂቱ ብዙ ዓመት በዓረብ አገር በሰው ቤት ሠርታ፣ ወንድሞቿን አስተምራ፣ ለእናቷ ቆርቆሮ ቤት አሠርታ የተመለሰች ሴት ናት። ሠርጉ እሑድ ሊሆን፣ ማክሰኞ ዕለት አዲስ አበባ ውስጥ ስሙን ከማልጠቅሰው አንድ ቤት ገብታ በግንባሯና በሁለቱ ቅንድቦቿ መካከል ሽብሽብ የሚያላላውን መርፌ ትወጋለች። «ወዲያው ነው የሚሠራው» ተብላ ነበር። ኀሙስ ጠዋት በመስተዋት ብታይ ፊቷ ያው ነው። ተመልሳ ስትሄድ «መድኃኒቱ አልያዘልሽም ማለት ነው» ይሏትና ይጨምሩላታል። ቅዳሜ ማታ ድንኳን በሚተከልበት ግርግር መካከል ወደ እኔ ጠጋ ብላ፣ «ወንድም ጋሼ፣ አንተ እንኳ የተማርክ ነህ፤ ይኼ ነገር ለመሆኑ ስንት ቀን ነው የሚፈጀው?» ስትል ጠየቀችኝ።

መልስ አልነበረኝም። ስለ ሬዲዮ አክቲቭ ንጥረ ነገሮች ግማሽ ዕድሜ ሰሌዳ ሙሉ የምጽፍ ሰው ነኝ፤ ዩራኒየም ስንት ቢሊዮን ዓመት እንደሚፈጅበት ብጠየቅ ቆሜ እመልሳለሁ። በአክስቴ ልጅ ግንባር ውስጥ የገባው ነገር ስንት ቀን እንደሚፈጅ ግን አላውቅም ነበር። «እኔ እኮ የፊዚክስ መምህር ነኝ» አልኳት ለማምለጥ ያህል። «ታዲያ ፊዚክስ ጊዜ አይቆጥርም እንዴ?» አለችና ወደ ሥራዋ ተመለሰች።

እሑድ ሠርጉ ሲሆን ፊቷ እንደ ወትሮው ነበር። ለውጡ የመጣው እንግዳው ከተበተነ በኋላ ነው። በሚቀጥለው ሳምንት አጋማሽ ግንባሯ እንደ ሰሌዳ ጠፍጣፋ ሆነ፤ ጥቂት ቀን ቆይቶም የግራ ዓይኗ ሽፋሽፍት ወደ ታች ወረደ። ሁለቱ መርፌዎች ተደራርበው መሥራት ጀምረው ነበር። እናቷ የሰው ዓይን ነው ብላ ተጨነቀች። ሽፋሽፍቷ ወደ ቦታው እስኪመለስ ከአንድ ወር በላይ ፈጀ፤ ያን ሁሉ ጊዜ ነጠላዋን ወደ ዓይኗ ሳብ አድርጋ ነበር የምትወጣው።

ከዚያ ወዲህ ነገሩን አነበብኩ፣ የሕክምና መምህራን የሆኑ ባልደረቦቼንም ጠየቅሁ። ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀሁትም ለዚያች ቅዳሜ ማታ ጥያቄ የዘገየ መልስ ለመስጠት ነው። ጥያቄዋ ጥሩ የሳይንስ ጥያቄ ነበር ብዬ አምናለሁ። መርፌውን የወጋት ሰው በቁጥር ሊመልስላት ይገባ ነበር፤ እኛ መምህራንም ብንሆን ተማሪዎቻችን እንዲህ ያለውን ጥያቄ እንዲጠይቁ አላሠለጠንናቸውም።

መልሱ በቅድሚያ

መድኃኒቱ በብዙዎች ዘንድ ቦቶክስ በሚለው የንግድ ስም ይታወቃል፤ ትክክለኛ ስሙ ቦቱሊነም ቶክሲን ነው። በአብዛኛው ሰው ላይ የመርፌው ውጤት መታየት የሚጀምረው ከ2 እስከ 4 ባሉት ቀናት ውስጥ ነው። ሙሉ ውጤቱ የሚታየው ሁለት ሳምንት ሲሞላ ሲሆን በአንዳንዱ ሰው ከዚያም ሊዘገይ ይችላል። ከ3 እስከ 4 ወር ሲሆን ጡንቻው ወደ ቀድሞ እንቅስቃሴው ይመለሳል። ስለሆነም «ሠርቷል ወይስ አልሠራም?» ተብሎ የሚፈረደው ከ14 ቀን በፊት አይደለም። ለሠርግም ሆነ ለምረቃ የሚያስብ ሰው ቢያንስ ከሦስትና ከአራት ሳምንት በፊት ሊያስብ ይገባዋል።

«ወዲያው» የሚለው ቃል ለሌላ ዓይነት መርፌ ይሠራል፤ ይኸውም ሃያሉሮኒክ አሲድን የመሰለ ወፍራም ነገር ከቆዳ ሥር አስገብቶ የጎደጎደውን የሚሞላው ነው። እርሱ እንደ ልስን ጉድጓዱን ስለሚሞላ ለውጡ ወዲያው ይታያል። ሁለቱን የማይለይ ሰው መርፌ ይዞ ከፊታችን ቢቆም ተነሥቶ መሄድ ነው።

ለምን ዘገየ?

እዚህ ላይ ነው የፊዚክስ መምህር ደስ የሚለው። ግንባራችንን ለማኮሳተር ስናስብ ምልክቱ ከአንጎል ግንድ ተነሥቶ በነርቭ በኩል ይጓዛል። ርቀቱን 15 ሳንቲ ሜትር፣ ፍጥነቱን በሰከንድ 50 ሜትር ብንወስድ ጉዞው 3 ሚሊሰከንድ ብቻ ይፈጃል። ነርቩና ጡንቻው የሚገናኙበት ስፍራ ላይ ጠባብ ክፍተት አለ፤ ስፋቱ ከሚሊ ሜትር ሃያ ሺሕኛ ያህል ነው። ነርቩ ይህን ክፍተት የሚሻገረው አሲታይልኮሊን የተባለውን ንጥረ ነገር በመልቀቅ ነው። ንጥረ ነገሩ በጥቃቅን ከረጢቶች ተሞልቶ ይጠብቃል፤ ምልክቱ ሲደርስ ከረጢቶቹ ከነርቩ ግድግዳ ጋር ተዋሕደው ይከፈታሉ። ዲፊውዥን በሚባለው የሥርጭት ሕግ ብናሰላው ሞለኪውሎቹ ክፍተቱን ለመሻገር የሚያስፈልጋቸው ጊዜ ጥቂት ማይክሮሰከንድ ነው። ሁሉም ነገር ከዓይን ጥቅሻ በፊት ያልቃል። ታዲያ ይህን ያህል ፈጣን የሆነውን ሥርዓት የሚያስቆመው መርዝ ለምን ሦስት ቀን ያህል ይፈልጋል? ሦስት ቀን ከአንድ ሚሊሰከንድ ጋር ሲነጻጸር ከሁለት መቶ ሚሊዮን እጥፍ በላይ ይረዝማል።

በመጀመሪያ መርዙ ግዙፍ ነው። የአሲታይልኮሊን ሞለኪውላዊ ክብደት 146 ሲሆን የቦቱሊነም ቶክሲን 150,000 ነው። ይህ ፕሮቲን አንድ ከባድና አንድ ቀላል ሰንሰለት የተያያዙበት ነው። ከባዱ ሰንሰለት በነርቩ ጫፍ ላይ ያሉ ተቀባዮችን ፈልጎ ይጣበቃል። ነርቩ ባዶ ከረጢቶቹን መልሶ ሲሰበስብ መርዙም አብሮ ይገባል፤ በራሱ በነርቩ ሥራ ተጭኖ ነው የሚገባው። ከረጢቱ ውስጥ አሲድ ሲጨምር ቀላሉ ሰንሰለት የከረጢቱን ግድግዳ ሰንጥቆ ወደ ሕዋሱ ፈሳሽ ይወጣል፤ ከዚያም ስናፕ-25 የተባለውን ፕሮቲን አንድ በአንድ መቁረጥ ይጀምራል። ይህ ፕሮቲን ከረጢቶቹን ከግድግዳው ጋር ከሚያዋሕዱት መንጠቆዎች አንዱ ነው። መንጠቆው ሲቆረጥ ከረጢቱ ሙሉ እንደሆነ ይቀራል፤ ምልክቱ ቢደርስም የሚከፈት በር የለም።

መጠኑ ደግሞ ከሚታሰበው በታች ትንሽ ነው። በሁለቱ ቅንድቦች መካከል የሚሰጠው የተለመደ የቦቶክስ መጠን 20 ዩኒት ነው። በዚያ ውስጥ ያለው መርዝ ተመዝኖ ቢታይ ወደ 0.15 ናኖግራም ግድም ነው። የአንዲት ጤፍ ፍሬ ክብደት ከሚሊግራም ሢሶ ያህል ስለሆነ፣ አንዲት ጤፍ ሁለት ሚሊዮን ቦታ ተከፍላ አንዷ እጅ ናት ማለት ነው። በሞለኪውል ሲቆጠር 600 ሚሊዮን ያህል ይሆናል፤ የኢትዮጵያን ሕዝብ አምስት እጥፍ ገደማ ማለት ነው፣ ለሞለኪውል ግን ይህ ኢምንት ነው። እነዚህ ጥቂት ቆራጮች በእያንዳንዱ ነርቭ ጫፍ ያለውን ብዙ መንጠቆ ለመጨረስ ጊዜ ይፈልጋሉ።

ሁለት ቀን የሚያሳስት ዝምታ

ከሁሉ በላይ ተማሪዎች ልብ እንዲሉልኝ የምፈልገው ቀጥሎ ያለውን ነው። ተፈጥሮ ነርቭንና ጡንቻን ስታገናኝ መጠባበቂያ ትታለች። ነርቩ በእያንዳንዱ ምልክት የሚለቀው አሲታይልኮሊን ጡንቻውን ለማንቀሳቀስ ከሚያስፈልገው ብዙ እጥፍ ይበልጣል። ስለዚህ የሚለቀቀው መጠን ቢቀንስም ጡንቻው ወዲያው አያቆምም፤ መጠኑ ከተወሰነ ወሰን በታች ሲወርድ ብቻ ነው የሚያቆመው።

ለምሳሌ ያህል መጠባበቂያው አራት እጥፍ ነው እንበል፤ መርዙም የሚለቀቀውን መጠን በየቀኑ በግማሽ ይቀንሳል እንበል። አንድ ቀን ሲያልፍ ከሚያስፈልገው ሁለት እጥፍ ቀርቷል፤ ጡንቻው በደንብ ይሠራል። ሁለተኛው ቀን ሲያልቅ ልክ የሚያስፈልገው ያህል ብቻ ቀርቷል፤ ጡንቻው አሁንም ይሠራል። መስተዋቱ «ምንም የለም» ይላል። ከውስጥ ግን ከአራቱ እጅ ሦስቱ አልቋል። ከዚያ በኋላ ጥቂት ሰዓት ሲጨመር ጡንቻው ይሰንፋል። ቁጥሮቹ ለማስረጃ ያህል የወሰድኳቸው ናቸው፤ እውነተኛው ሂደት በየሰውና በየጡንቻው ይለያያል። ቅርጹ ግን ይህ ነው።

የአክስቴ ልጅ ኀሙስ ጠዋት በመስተዋት ፊት ስትቆም የነበረችው በዚህ ዝምታ ውስጥ ነው። የመጀመሪያው መርፌ ሥራውን እያጋመሰ ሳለ ሁለተኛው ተጨመረ። «አልያዘልሽም» ያላት ሰው ሐሰተኛ ነበር ለማለት አልደፍርም፤ ከዚያ ይልቅ ጊዜን ያልተማረ ይመስለኛል። በሻይ ማንቆርቆሪያ ላይ እንኳ ይህን ስሕተት አንሠራም፤ ውኃው ገና አልፈላም ብለን ከሰሉ ላይ ከሰል ብንጨምር ምን እንደሚሆን ሁላችንም እናውቃለን።

ማብቂያውም የራሱ ሰዓት አለው። ወደ ነርቩ የገባው ቀላል ሰንሰለት ለሳምንታትና ለወራት ሳይፈርስ ይቆያል። በዚህ መካከል ነርቩ አዳዲስ ቡቃያዎችን አውጥቶ ጡንቻውን በሌላ በኩል ለመድረስ ይሞክራል፤ በመጨረሻም ዋናው ጫፍ ሥራውን ሲቀጥል ቡቃያዎቹ ይሰበሰባሉ። ቶክሲኑ ከኤ እስከ ጂ ሰባት የታወቁ ዓይነቶች አሉት፤ ለፊት የሚውለው በአብዛኛው ኤ ነው። ኢ የተባለው ዓይነት ከእርሱ ፈጥኖ ይጀምርና ፈጥኖ ያበቃል። እ.ኤ.አ. በ2022 ደግሞ አሜሪካ ውስጥ ውጤቱ ወደ ስድስት ወር የሚጠጋ አዲስ ዝግጅት ተፈቅዷል። ይህ ሁሉ የሚያሳየው ጊዜው የሞለኪውሉ ጠባይ መሆኑን ነው፤ በወጊው ቃል የሚረዝም ወይም የሚያጥር ነገር አይደለም።

ከቋሊማ እስከ ግንባር

ታሪኩን ባጭሩ ልለፈው። ዩስቲኑስ ከርነር የተባለ ጀርመናዊ ሐኪምና ገጣሚ እ.ኤ.አ. በ1820ና በ1822 ባሳተማቸው ጽሑፎች በተበላሸ ቋሊማ የተመረዙ ሰዎችን ሕመም ዘርዝሯል፤ መርዙን በራሱ ላይ ሳይቀር ሞክሮታል። ቦቱሊነም የሚለው ስም የመጣው ቋሊማ ከሚል የላቲን ቃል ነው። እ.ኤ.አ. በ1895 ኤልዜል በተባለች የቤልጂግ መንደር ለቀብር የመጡ ሙዚቀኞች በጨው የተቀመጠ የአሳማ ሥጋ በልተው ታመሙ፤ ሦስቱ ሞቱ። ኤሚል ቫን ኤርመንገም የተባለው ተመራማሪ ከሥጋውና ከሟች አካል ባክቴሪያውን አወጣ። አለን ስኮት የተባለ አሜሪካዊ የዓይን ሐኪም መርዙን በጥቂቱ ለተንሸዋረረ ዓይን ማከሚያ አደረገው፤ እ.ኤ.አ. በ1989ም ለዓይን ሕመም ተፈቀደ። ካናዳ ውስጥ ጂን ካሩዘርስ የተባለችው የዓይን ሐኪም ታካሚዋ የግንባሯ ሽብሽብ እንደጠፋ ስትነግራት ከቆዳ ሐኪም ባለቤቷ ጋር ጉዳዩን ተከታትላ እ.ኤ.አ. በ1992 አሳተመች። ለሽብሽብ በይፋ የተፈቀደው እ.ኤ.አ. በ2002 ነው። በስትሮክ የተኮማተረ ክንድን ለማላላትም እ.ኤ.አ. ከ2010 ጀምሮ አሜሪካ ውስጥ ተፈቅዷል። በእኛ አገር ስሙ ከውበት ጋር ብቻ መያያዙ ያሳዝነኛል።

እኅትማማች መርዞች

ከሠርጉ በኋላ በነበሩት ቀናት ስለ ልጇ ዓይን ለአክስቴ ላስረዳት ሞከርሁ። መርዝ መሆኑን፣ ነርቭ ውስጥ ገብቶ እስኪሠራ ቀናት እንደሚፈጅበት ነገርኳት። ዝም ብላ ሰማችኝና፣ «የመጀመሪያ ልጄም እንዲህ በቀን ነው የሄደብኝ» አለች። «አራት ቀን ጡት ጠባ፤ በአምስተኛው እንቢ አለ። አፉ ተቆለፈ፣ ገላው እንጨት ሆነ። በስምንተኛው ቀን አረፈ።»

አክስቴ የገለጸችው መንጋጋ ቆልፍ የምንለውን በሽታ ነው። በሽታውን የሚያመጣው ባክቴሪያ የቦቱሊነሙ የቅርብ ዘመድ ሲሆን ሁለቱም አየር በሌለበት የሚራቡ፣ ዘራቸው በአፈር ውስጥ ለዘመናት የሚቆይ ናቸው። መርዞቻቸውም እኅትማማች ናቸው፤ ተመሳሳይ ክብደት፣ ተመሳሳይ ሁለት ሰንሰለት፣ የሚቆርጡትም ያንኑ የመንጠቆ ቤተሰብ ነው። ልዩነቱ ያለው በቦታው ላይ ነው። ቦቱሊነም ከነርቩ ጫፍ ገብቶ እዚያው ይሠራል፤ ስለዚህ ጡንቻው ይዝላል። የመንጋጋ ቆልፉ መርዝ ግን በነርቩ ውስጥ ሽቅብ ተጉዞ ሕብለ ሰረሰር ይደርሳል፤ እዚያም ጡንቻን የሚያረግቡትን ነርቮች ዝም ያሰኛል። ልጓም እንደሌለው ፈረስ ጡንቻው ሁሉ ይወጠራል።

ጉዞው ርቀት ስላለው ሰዓት አለው። የመርዙ ፍጥነት በቀን ከ7 እስከ 25 ሳንቲ ሜትር ያህል ነው። አንድ ገበሬ እግሩን እሾህ ቢወጋውና ከእግሩ እስከ ሕብለ ሰረሰሩ አንድ ሜትር ቢሆን፣ ጉዞው ብቻ ከ4 እስከ 14 ቀን ይፈጃል። ባክቴሪያው በቁስሉ ውስጥ የሚራባበት ጊዜ ሲጨመርበት በሕክምና መጻሕፍት የተጻፈው ከ3 እስከ 21 ቀን የሚደርስ የመታየት ጊዜ ምን እንደሆነ ይገባናል። የጨቅላ ሕፃን እትብት ግን ለሕብለ ሰረሰር ቅርብ ነው፤ ስለዚህ በመጀመሪያው ሳምንት ማለቂያ አካባቢ ይገድላል። ንጹሕ ባልሆነ ምላጭ የተቆረጠ እትብት ስንት ቤት እንዳጨለመ የደጋው እናቶች ያውቁታል። ኢትዮጵያ በእናቶችና በጨቅላ ሕፃናት ላይ የሚደርሰውን መንጋጋ ቆልፍ ማስወገዷ የተረጋገጠው እ.ኤ.አ. በ2017 ነው። ይህም ማለት በየወረዳው ከሺሕ ሕፃናት ከአንድ በታች ሆነ ማለት ነው፤ ባክቴሪያው አሁንም አፈሩ ውስጥ አለ፣ ክትባቱ ከተቋረጠ ይመለሳል።

አክስቴ ይህን ስነግራት ያለቀሰች መስሎኝ ነበር። አላለቀሰችም። «ታዲያ ያኔ ምላጩን ቀቅሉ የሚለን ሰው ጠፋ?» ብቻ አለች።

ፀሐዩስ?

መርፌው የሚያላላው በጡንቻ መኮማተር የሚመጣውን ሽብሽብ ብቻ ነው። ቆዳው ራሱ ከተጎዳ፣ ፊት በእረፍት ላይ እያለም የሚታየውን ጥልቅ መስመር አያጠፋውም። በደቡብ ወሎ ደጋ ላይ ደግሞ ቆዳን የሚጎዳው ማን እንደሆነ ለማወቅ ቀና ማለት ይበቃል። የአልትራቫዮሌት ጨረር በየ1,000 ሜትሩ ከፍታ ከ10 እስከ 12 በመቶ ያህል ይጨምራል። መካነ ሰላም ከምድር ወገብ በስተሰሜን ወደ 10 ዲግሪ ከ45 ደቂቃ ላይ ስለምትገኝ፣ በሚያዝያ 10 እና በነሐሴ 19 አካባቢ ፀሐይ በቀትር ልክ ከአናት በላይ ትቆማለች። የነሐሴው በደመና ይሸፈናል፤ የሚያዝያው ግን ያን ያህል አይሸፈንም። በዚያ ቀን ቀትር ላይ አንድ በትር ተክላችሁ ጥላውን ፈልጉት፤ አታገኙትም።

ከጨረሩ ውስጥ ረዥም ሞገድ ያለው ክፍል ወደ ቆዳ ጠልቆ ኮላጅን የተባለውን ደጋፊ ክር ያፈርሳል። እ.ኤ.አ. በ2012 በአንድ የታወቀ የሕክምና መጽሔት ላይ ፎቶግራፉ የወጣ አሜሪካዊ የጭነት መኪና አሽከርካሪ ነበር፤ ለ28 ዓመት ሲነዳ ፀሐይ በመስኮት የመታችው የግራ ጉንጩ ከቀኙ በብዙ ዓመት ያረጀ ይመስላል። መስተዋቱ አጭሩን ሞገድ ሲያስቀር ረዥሙን ያሳልፋልና። ጥቁር ቆዳ ሜላኒን ስላለው ይህን ጉዳት በብዙ ይቀንሰዋል፤ ፈጽሞ ግን አያስቀረውም። ፀሐይ በሌላም በኩል ትሠራለች፤ ብርሃኑ ሲበዛ ቅንድባችንን እንቋጥራለን፣ ይህም መርፌው ሊያላላው የሚሞክረው ያው ጡንቻ ነው። የማድቤት ጭስ ሲጨመርበት የአክስቴ ልጅ የግንባር መስመሮች ከየት እንደመጡ ግልጽ ይሆናል። ሦስት ቀን የሚፈጀው መርፌ ሠላሳ ዓመት ከፈጀው ፀሐይ ጋር ነው የሚታገለው። አንድ ሰፊ ባርኔጣ ወይም ጃንጥላ በልጅነት ቢጀመር ከመርፌው በብዙ ይረክሳል፤ እረኝነት ለሚሄደው ልጅ ባርኔጣ የሚያስብ ግን አላየሁም።

ሽብሽብን መፍራት ከንቱነት ነው የሚሉ ሰዎች አሉ። ከእነርሱ ጋር አይደለሁም። የሰው ቤት ስታጸዳ ወጣትነቷን የጨረሰች ሴት በእኅቷ ሠርግ ላይ ያላኮረፈ ፊት ይዛ ለመታየት መፈለጓ ምኑ ላይ ነው ነውሩ? ቅሬታዬ ገንዘቧን ተቀብሎ ጊዜውን ሳይነግራት በሰደዳት ሰው ላይ ነው።

ጊዜን አለማወቅ ከዓይን መውረድ የከፋ ነገር ሊያመጣ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2023 ቱርክ ውስጥ ክብደት ለመቀነስ ብለው በጨጓራቸው ላይ ይህንኑ መርዝ በብዛት የተወጉ ከ60 የሚበልጡ ሰዎች በመመረዝ ታመዋል፤ አንዳንዶቹ ሕመሙ የያዛቸው ወደ አገራቸው ከተመለሱ በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2024 ደግሞ አሜሪካ ውስጥ በሐሰተኛ ቦቶክስ የተወጉ ሰዎች ሆስፒታል ገብተዋል። ከመርፌው በኋላ በሰዓታትም ሆነ በሳምንታት ውስጥ መዋጥ ያቃተው፣ ድምፁ የተለወጠ፣ ነገሮች ሁለት ሆነው የሚታዩት፣ ወይም መተንፈስ የከበደው ሰው ሌሊትም ቢሆን ሆስፒታል መሄድ አለበት። ማርከሻው የሚይዘው ገና በደም ውስጥ ያለውን መርዝ ነው፤ ነርቭ ውስጥ የገባውን ማውጣት አይችልም። በየሰዓቱ የሚገባው ይጨምራል።

ስለሆነም ይህን መርፌ የሚሰጥ ማንኛውም ቤት በአማርኛ የተጻፈ አንድ ገጽ ለተገልጋዩ እንዲሰጥ የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣንና የክልል ጤና ቢሮዎች ቢያስገድዱ ጥሩ ነው። የመድኃኒቱ ስምና የዩኒቱ ቁጥር ይጻፍበት፤ የአንዱ ኩባንያ ዩኒት ከሌላው ጋር እኩል አይደለምና ቦቶክስና ዲስፖርት በቁጥር አይለዋወጡም። አብዛኞቹ ዝግጅቶች ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴልሺየስ መቀመጥ ስላለባቸው ጠርሙሱ በየት እንደቆየ ይጻፍበት፤ በሻንጣ ተሸፍኖ ባሕር የተሻገረ ጠርሙስ ምን ያህል ኃይል እንደቀረው ማንም አያውቅም። መቼ እንደሚጀምር፣ መቼ እንደሚሞላ፣ መቼ እንደሚያበቃ ይጻፍበት። አንድ ገጽ ይበቃል።

እኔ በበኩሌ ከትምህርት ክፍሌ ጀምሬያለሁ። ቀድሞ ስለ ግማሽ ዕድሜ ሳስተምር ምሳሌዎቼ ሁሉ ከሩቅ የመጡ ነበሩ። አሁን ለአንደኛ ዓመት ተማሪዎች የምሰጠው ጥያቄ እንዲህ ይላል፦ መጠባበቂያው አራት እጥፍ ነው፤ የሚለቀቀው በየቀኑ በግማሽ ይቀንሳል፤ በሁለተኛው ቀን ሌላ ተመሳሳይ መርፌ ቢጨመር የሁለቱን ውጤት በአንድ ሥዕል አሳዩ። በመጀመሪያው ጊዜ ብዙዎቹ ቀመሩን ጽፈው ሥዕሉን አሣመሩ። ከኋላ የተቀመጠች አንዲት ተማሪ ግን እጇን አውጥታ፣ «መምህር፣ የመጀመሪያው እየሠራ ከሆነ ሁለተኛውን ለምን ወጓት?» አለችኝ።